አራት ደቂቃ ከሃምሳ ሰከንድ

አለነን የገደልሁት እኔ ነኝ። አትደንግጡ፤ ሰውየው በሕይወት አለ። ግን አንድ ማክሰኞ ጧት፣ ፊቴን እንኳ ሳልታጠብ፣ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀምጬ በአውራ ጣቴ ገደልሁት። እንዴት እንደሆነ ከራሴ ስሙት። ከሰፈር ሰው ከሰማችሁት ጨማምረውበት ነው የሚነግሯችሁ፤ አሁን አሁንማ ቀብሩ ላይ ነበርሁ የሚል ሰው ሁሉ ተነሥቷል አሉ።

እታፈራሁ እባላለሁ። እስራኤል አገር፣ ረሆቮት ከተማ፣ ክርያት ሞሼ ሰፈር ከገባሁ ሠላሳ አምስት ዓመት አልፎኛል። ሃያ ስድስቱን ዓመት ትምህርት ቤት ሳጸዳ ኖርሁና ጉልበቴ እምቢ ሲል ፔንስያ ወጣሁ። ጡረታ መልካም ነው ይላሉ። እኔ ግን እጄ ሥራ ሲፈታ የማደርገው ጠፋኝ። ያን ጊዜ ልጄ ኦርታል ትልቅ ፔለፎን፣ ስልክ ማለቴ ነው፣ ገዝታ አመጣችልኝ። "እማ፣ ትዝናኚበታለሽ" አለችኝ። ተዝናናሁ። እንዲህ ያለውን መዝናናት ለጠላቴም አይስጠው!

መጀመሪያ የልጅ ልጆቼን ፎቶ ነበር የማይበት። ከዚያ ቲክቶክ መጣ። አንዷ ወጥ ትሠራለች፣ አንዷ ባሏን ትሰድባለች፣ አንዱ ጎረምሳ ጥርሱን እያሳየ ይጨፍራል። የተሰዳቢው ባል ምን ብሎ እንደመለሰ ሳላይ ወደ ጨፋሪው፣ እሱንም ሳልጨርስ ወደ ሌላዋ፤ አውራ ጣቴ ራሱን ችሎ ነው የሚሄድ። ምስር ጥጄ እረሳለሁ። በአንድ ክረምት ብቻ ሦስት ድስት አሳርሬ ጥያለሁ። በዚያ ላይ ዋትሳፕ አለ። "እንደምን አደራችሁ" የሚባል የአገር ልጆች ቡድን አለን፤ ከክርያት ሞሼ፣ ከገደራ፣ ከአሽዶድ፣ ከክርያት ማልአኺ ከአራት መቶ ሰው በላይ አለበት። ማን ወለደ፣ ማን ታመመ፣ የማን ልጅ በሠራዊቱ መኮንን ሆነች፣ ሁሉም እዚያ ይወራል። ቀድሞ ያወራው ማን ነው ቢባል ደግሞ እታፈራሁ ናት። ባሌ ውቤ "ራዲዮ እታፈራሁ" ይለኝ ነበር። እኔ እንደ ስድብ አልቆጠርሁትም። እውነቱን ልንገራችሁ፣ እኮራበት ነበር።

የድምፅ መልእክት ላይ ግን ትዕግሥቴ አለቀ። የእኛ ሰው ሲናገር ታውቁት የለ፣ ከሩቅ ነው የሚጀምረው። እንደምን አደርሽ፣ ልጆች እንደምን ናቸው፣ ጉልበትሽስ፣ ውቤስ፣ ከብቱስ ሊል ምንም አይቀረው፤ ከብት ከተለየን እንኳ አርባ ዓመት ሊሞላ ነው። ዋናው ነገር የሚመጣው ሊሰናበት ሲል ነው። ኦርታል ድምፁ በእጥፍ ፍጥነት የሚሄድበትን ምልክት አሳየችኝና ተገላገልሁ። ትልልቁ ሽማግሌ ሁሉ እንደ ጫጩት ይንጫጫልኛል። እሱም ሲረዝምብኝ መጀመሪያውን ብቻ እሰማና "ቤሰደር፣ እሺ፣ ገባኝ" ብዬ እዘጋዋለሁ። ምን እንደገባኝ እግዜር ይወቀው።

ያን ማክሰኞ ጧት ዓይኔን ስገልጥ ከዘመናይ የድምፅ መልእክት ደርሶ አገኘሁ። ዘመናይ የልብ ጓደኛዬ ናት። በሱዳን በኩል አብረን መጥተን መርካዝ ክሊታ፣ አዲስ ገቢው ሁሉ መጀመሪያ በሚያርፍበት ግቢ፣ አንድ ክፍል የኖርን ነን። አሁን ያለችው ቤር ሸቫ ነው። ወንድሟ አለነም እዚያው ነው፤ ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነው። እናታቸው እማማ ደስታዬ ግን እዚህ ክርያት ሞሼ፣ ከእኔ ቤት የአሥር ደቂቃ መንገድ፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖራሉ። ሰማንያ አራት ዓመታቸው ነው፤ ልባቸውም ደካማ ነው። አለነ ማለት ለእሳቸው ዓይናቸው ነው። ዓርብ ዓርብ ከቤር ሸቫ እየመጣ ሰንበትን ከእናቱ ጋር ይውላል።

መልእክቱ አራት ደቂቃ ከሃምሳ ሰከንድ ይላል። "ኧረ ዘመናይ!" አልሁ። በእጥፍ ፍጥነት ከፈትሁት። ዘመናይ ታለቅሳለች። "እታፈራሁ… እህቴ… አለነ… ወንድሜ… ሆስፒታል ነን… ልቡ ቆመ እታፈራሁ፣ ልቡ ቆመ…" ከዚያ ሳግ ያዛት። ሃያ ሰከንድ ቢሆን ነው። እኔ እዚያው ላይ ዘጋሁት።

ልቤ ስንጥቅ አለ። አለቀስሁ፣ እውነቴን ነው፤ አለነን ከልጅነቱ ጀምሮ አውቀዋለሁ። ግን እንባዬ ሳይደርቅ ጣቴ ቡድኑን ከፈተ። "ወንድማችን አለነ፣ የእማማ ደስታዬ ልጅ፣ ከዚህ ዓለም በሞት ተለየ። ለቤተሰቡ መጽናናትን ይስጥልን" ብዬ ጻፍሁ። ሻማም አደረግሁበት፣ ሦስት ሻማ። ላክሁት። ወዲያው ከሥሩ ይግተለተል ጀመር፤ ነፍስ ይማር፣ ወይኔ ወንድሜን፣ መቼ ነው፣ ከማን ሰማሽ። አፍሬ ነው የምናገረው፣ ከውስጤ አንድ ደስ የሚል ነገር ተሰማኝ። ቀድሜ ነበራ! በለቅሶ መሀል እንኳ ቀደምሁ ብዬ ደስ አለኝ። ከሠራሁት ሁሉ እስከ ዛሬ የምታሳፍረኝ ይህቺው ናት።

መርዶ በእኛ ዘንድ እንዲህ አይነገርም። እናት ልጇ ሲሞትባት በስልክ አይነገራትም፣ ጎረቤትም ቀድሞ ሹክ አይላትም። ዘመድ ይሰበሰባል፣ ሽማግሌ ይጠበቃል። ከዘመዱ ሁሉ ትልቁ ሰው ፊት ፊት ይሄዳል፤ እሱ ደጇ ላይ ሲቆም ያን ጊዜ ትሰማለች። ስትወድቅ የሚደግፋት ክንድ እንዲኖር ነው። ይህን ከእናቴ ተምሬዋለሁ፣ ልጄም አልረሳችውም። አውራ ጣቴ ግን ከማንም አልተማረም።

ውቤ ከጥበቃ ሥራው የገባው ይኼኔ ነው። ጫማውን ሊያወልቅ ጎንበስ እንዳለ፣

"አለነ ሞተ እያሉ ይደውሉልኛል። ማን ነው የነገራቸው?" አለኝ።

"እኔ ነኝ።"

"ቀብሩ የት ነው ታዲያ? ክርያት ማልአኺዎች መኪና ሞልተው ተነሥተዋል። ለቅሶ ቤቱ እናቱ ዘንድ ነው ብለው ወደዚሁ እየመጡ ነው።"

"የቀብሩን ነገር እንጃ።"

"ዘመናይ ምን አለችሽ?"

"መልእክቱ ረጅም ነው። እስኪ ልስማው።"

ውቤ አንድ ጫማውን በእጁ እንደያዘ ቀና አለ። "እስኪ? ሰው ገድለሽ ገና ልትሰሚው ነው?"

በራሱ ፍጥነት ከፈትነው። ዘመናይ ስታለቅስ እንደ ሰው ድምፅ ሆነ፤ በእጥፉ ጊዜ ለካ እሷም እንደ ጫጩት ነበር የሆነችብኝ።

"…ልቡ ቆመ ሲሉኝ እኔ ሞቼ ነበር። ኋላ ነው ሐኪሙ ያስረዳኝ። ደረቱን ቀድደው ሲያክሙት ልቡን ያቆሙታል፣ ማሽን ነው ደሙን የሚያዞርለት፣ ጠግነው ሲጨርሱ ደግሞ ይቀሰቅሱታል አለኝ። አምስት ሰዓት ሙሉ ኮሪደር ላይ ቆምሁ። አሁን ነቅቷል እታፈራሁ! ዓይኑን ገለጠ! መጀመሪያ ያለው ምን እንደሆነ ታውቂያለሽ? 'ጫማዬን ማን ወሰደው?' ነው ያለ።" እየሳቀች ታለቅሳለች።

ውቤ ወንበር ስቦ ዘጭ አለ። "ተመስገን" አለ። መልእክቱ ገና ሁለት ደቂቃ ይቀረዋል።

"አሁን እህቴ፣ አንድ አደራ አለኝ። እማማ ምንም አታውቅም። ለሥራ ኤላት ሄደ ብለን ነው የደበቅናት። ሁለት ሰንበት ቀረባት። መዋሸቱ ሰለቸኝ፣ እሱም ድኗል። ግን በስልክ ብነግራት የልቧ ነገር ያስፈራኛል። አንቺ በእግርሽ ሂጂልኝ። ቁጭ ብለሽ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ንገሪያት። ቡድኑ ላይ እንዳታወጪው፣ በሞቴ። ሌላ ሰው አላምንም። መርካዝ ክሊታ እያለን አባቴ መንገድ ላይ እንዴት እንደቀረ ስነግርሽ ቀኑን ሙሉ አንዴ ሳታቋርጪኝ የሰማሽኝ አንቺ ነሽ። አንቺ ሰው መስማት ታውቂያለሽ።"

መልእክቱ አለቀ። እኔም አለቅሁ።

"ጉድ በል ጎንደር" አለ ውቤ፣ ቀስ ብሎ።

ምኑን ልንገራችሁ! የጻፍሁትን አጠፋሁት። ምን ዋጋ አለው፣ ከአፍ የወጣ አፋፍ ነው፤ ሰው ወደ ሌላ ቡድን ሁሉ አሻግሮታል፣ ሻማዎቼን ሳይቀር። "አልሞተም! ድኗል! ተሳስቼ ነው!" ብዬ ጻፍሁ። አንዷ "አይዞሽ እህቴ፣ መጀመሪያ ማንም አያምንም" ብላ መለሰችልኝ። ሌላው "ኀዘኑ ነው የሚያናግራት፣ አጠገቧ ሰው ይኑር" አለ። ሃያ ሰው ደግሞ ከእሱ ሥር የሚያለቅስ ፊት አደረገ። ዘመናይ ጋ ብደውል ስልኳ ዝግ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ ያልተኛች ሴት ተኝታ ይሆናል። እማማ ደስታዬ ጋ ብደውል አያነሡም። ወንድማቸው አባ አበባው ጋ፣ አሽቀሎን ደወልሁ። የዘመዱ ሁሉ ትልቅ እሳቸው ናቸው። ምራታቸው አነሣች፤ "ጋቢያቸውን ለብሰው እያለቀሱ በባቡር ወጥተዋል። ስልክ አይዙም" አለችኝ።

እማማ ደስታዬ በሰማንያ አራት ዓመታቸው፣ በዚያ ልባቸው፣ ያልሞተ ልጃቸውን መርዶ ሊሰሙ ነው። በእኔ ምክንያት። አንድ ሰው ብቻ አፉ ካመለጠው፣ አንዲት ሴት ብቻ ደረጃው ላይ ዋይ ካለች፣ አለቀ። ከዚያ በኋላ አልሞተም ብል ለማን ነው የምለው?

ፔለፎኑን ውቤ ደረት ላይ ወረወርሁት። "ለሚደውል ሁሉ ድኗል በል!"

"አንቺስ?"

"እኔ በእግሬ!"

ጉልበቴን ታውቁታላችሁ። ያን ቀን ግን እሱም ደነገጠ መሰለኝ ዝም አለ። የግሮሰሪው ባለቤት "እታፈራሁ፣ ሻሎም!" ሲለኝ አልመለስሁለትም። ማዕዘኑ ላይ ነጠላቸውን እንደ ለቅሶ ያጣፉ ሁለት ሴቶች አገኘሁ። ሲያዩኝ አንገቴ ላይ ተጠመጠሙ።

"አልሞተም!" አልኋቸው።

"እሱስ ከልባችን አይሞትም" አለችኝ አንደኛዋ፣ ጀርባዬን እየመታች።

"ኧረ በእግዜር! አልሞተም እኮ ነው የምላችሁ!"

"አይዞሽ፣ አልቅሺው፣ ይውጣልሽ።"

አስለቅሰውኝ ሄዱ ማለት ነው፤ ያን ጊዜ በእውነት አለቀስሁ። አራት መቶ ሰው ሦስት ሻማ አይቶ አመነኝ፣ ሁለት ሴቶች ዓይኔን እያዩ አላመኑኝም።

ሕንፃው ጋ ስደርስ ደጁ ጭር ብሏል። ዘግይቻለሁ ብዬ ልቤ ወረደ። ደረጃውን ልወጣ ስል ከታች፣ ከሚቅላቱ፣ ማለት ከቦምብ መጠለያው በር፣ አንድ ሰው ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ ጠቀሰኝ። ወረድሁ። አርባ ሰው ይሆናል። ፕላስቲክ ወንበር ላይ፣ አሮጌ ብስክሌት ጥግ፣ የልጆች ጋሪ አጠገብ ተጨናንቆ ተቀምጧል። ድምፅ የለም። ሴቶቹ አፋቸውን በነጠላ ይዘው ነው የሚያለቅሱ።

"ማንም አልወጣም?" አልሁ፣ ትንፋሼ እየተቆራረጠ።

"እንዴት ሆኖ!" አለኝ በሩ ላይ ያለው ሰው በሹክሹክታ። "አባ አበባው ሳይመጡ?"

ኦ ተመስገን! ግድግዳውን ይዤ ቁልቁል ተንሸራትቼ ወለሉ ላይ ቁጭ አልሁ። የእኔ ወሬ በደቂቃ አገር አዳርሷል፤ የእናት የአያቶቻችን ሥርዓት ግን በሩ ላይ ቆሞ አንድ ሽማግሌ በባቡር እስኪደርስ ይጠብቃል። እማማ ደስታዬን ያ መጠበቅ ነው ያተረፈልኝ። ከላይ ሆነው ምንም አያውቁም።

ከወለሉ ተነሥቼ ነገርኋቸው። አለነ በሕይወት እንዳለ፣ የጻፍሁት እኔ እንደሆንሁ፣ የሰማሁት ሃያ ሰከንድ ብቻ እንደሆነ። ከክርያት ማልአኺ የመጣ አንድ ጎልማሳ፣ "ሥራዬን ትቼ፣ አለቃዬን ለምኜ ነው የመጣሁት! ሃያ ሰከንድ?" አለኝ። አንዲት ሴት ደግሞ፣ "አሁንስ እውነትሽን ለመሆኑ በምን እናውቃለን? ጧት ሞተ አልሽ፣ አሁን ዳነ አልሽ" አለች። እውነቷን ነው።

ይኼኔ አባ አበባው ደረሱ። ዱላቸውን ይዘው፣ ዓይናቸው ቀልቶ። ሰው ሁሉ ተነሣ። ሄጄ ጉልበታቸውን ያዝሁ።

"አባ፣ ይቅር ይበሉኝ። አለነ አልሞተም።"

ቁልቁል አዩኝ። "ልጄ፣ እንዲህ ባለ ነገር አይቀለድም" አሉኝ።

"ዘመናይ በድምፅዋ ነግራኛለች።"

"ድምፅዋ የታለ?"

ድምፅዋ ቤት ነው፣ ውቤ ጋ! ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ ብዬ ስጸልይ ራሱ ውቤ አንድ እግሩ ጫማ፣ አንድ እግሩ ነጠላ ጫማ አድርጎ እያለከለከ ገባ። "ሠላሳ ሰው ደወለ፣ አንድም አላመነኝ" አለና ፔለፎኑን አቀበለኝ።

ከፈትሁት። በራሱ ፍጥነት። አርባ ሰው አንገቱን አስግጎ ከአንዲት ፔለፎን የዘመናይን ለቅሶ ሰማ። ልቡ ቆመ ስትል ሴቶቹ አብረዋት አለቀሱ። ማሽኑ ጋ ስትደርስ አንገታቸውን ቀና አደረጉ። ዓይኑን ገለጠ ስትል ያቺው ያላመነችኝ ሴት ሚቅላቱ እስኪያስተጋባ እልል አለች፤ ሌሎቹ ተከተሏት። የተሳሳመው፣ የተቃቀፈው፣ ውቤን ያነሣው!

እኔ በዚያ ጩኸት መሀል ጣቴን መዝጊያው ላይ አሳረፍሁ። የሚቀረውን አውቀዋለሁ። አደራዋን፣ ቡድኑ ላይ እንዳታወጪው ያለችውን፣ ያቺን የመጨረሻዋን ቃል። የምሥራቹ ተሰምቷል፣ ሌላው ለምን ያስፈልጋል? አባ አበባው እጄን ያዙኝ።

"ተዪው" አሉኝ። "ትጨርስ።"

ጨረሰች። "አንቺ ሰው መስማት ታውቂያለሽ" ስትል ሰው ሁሉ ወለል ወለሉን አየ። የሰደበኝ የለም። ቢሰድቡኝ በተሻለኝ። አባ አበባው ዱላቸውን አነሡና፣ "አደራው ያንቺ ነው። ነይ እንውጣ" አሉኝ።

ሦስት ፎቅ ወጣን። እማማ ደስታዬ በሩን ራሳቸው ከፈቱ፣ እጃቸው እርጥብ ነው።

"እታፈራሁ! የታች ሰው ምንድን ነው? ቫዓዱ ጣሪያውን ሊያሠራ ተስማማ እንዴ? እልልታ ሰማሁ።" የሕንፃው ኮሚቴ ስብሰባ መስሏቸው ነበር። ከዚያ ከኋላዬ ወንድማቸውን አዩ። በሥራ ቀን፣ ሳይነግር፣ ጋቢ ለብሶ ከአሽቀሎን የመጣ ትልቅ ወንድም ደጅ ላይ ሲቆም ምን ማለት እንደሆነ የእኛ ሴት ሁሉ ታውቃለች። ፊታቸው አመድ ሆነ። የበሩን መቃን ጨበጡ።

"ማን ነው?" አሉ። "አበባው፣ ማን ነው?"

ከሰላምታ ልጀምር አስቤ ነበር፤ ደረጃውን ስወጣ ቃሌን ሳደራጅ ነው የመጣሁት። ዓይናቸውን ሳይ ሁሉንም ጣልሁት።

"አለነ በሕይወት አለ። ድኗል። እማማ፣ ድኗል" አልኋቸው፣ ክንዳቸውን ደግፌ።

ከዚያ ሶፋው ላይ አስቀምጬ እጃቸውን ይዤ ከመጀመሪያው ጀመርሁ። ደረቱን እንዴት እንዳመመው፣ ኤላት እንዳልሄደ፣ ልቡን እንዴት እንዳቆሙትና እንደቀሰቀሱት፣ ዘመናይ ኮሪደር ላይ እንዴት እንደቆመች። አንድም አልዘለልሁም። የጧቱንም ነገርኋቸው፤ የእኔን ጥፋት፣ ሻማዎቹን፣ ታች ያለውን ሰው። አላቋረጡኝም። ጫማዬን ማን ወሰደው ማለቱን ስነግራቸው ብቻ ሳቁ፣ እስኪያስላቸው ድረስ። ሱዳን መጠለያ ሳሉ ጫማውን ሰርቀውት ኖሮ እስከ ዛሬ ሲተኛ ጫማውን ራስጌው ነው የሚያደርግ።

ስጨርስ እንባቸውን በቀሚሳቸው ጠረጉ።

"ኤላት፣ ኤላት ይሉኛል" አሉ። "ልጄ ኤላት ሆኖ ሳይደውል ሰንበት ይገባል? ሁለት ሳምንት ሙሉ ሞቷል ብዬ ለብቻዬ አለቀስሁት። ሰው ሲመጣ ዓይኔን ታጥቤ እስቃለሁ። አንዱ መጥቶ ቁጭ ብሎ እስኪነግረኝ ነበር የምጠብቀው። ሁሉም በሩ ላይ ቆሞ ደኅና ነው ይለኝና ይሄዳል። ዛሬ ጎረቤቱ ሁሉ ወሬኛ ሲልሽ የምሰማሽ አንቺ ነሽ መጥተሽ የጨረስሽልኝ።" ረጅም ትንፋሽ ተነፈሱ። "እፎይ!" አሉ። "እፎይ ልጄ። በይ ያን ሁሉ ሰው ጥሪው፣ ምሳ እንብላ።"

ለለቅሶ የመጣ ሰው ለምሳ ተቀመጠ። የክርያት ማልአኺው ጎልማሳ ሳይቀር፤ የሱ እንደውም ሁለት ሳህን ነበር።

ከዚያ ወዲህ ያለውን ላሳጥረው። ዘመናይ አንድ ሳምንት አኮረፈችኝ፣ ከዚያ የስድስት ደቂቃ መልእክት ላከችልኝ። አንድም ሰከንድ አልዘለልሁም፤ አራቱ ደቂቃ ስድብ ነበር። ከቡድኑ ወጣሁ። ስወጣ "እታፈራሁ ምን ሆነች? ታመመች እንዴ?" ያለ ብዙ ነው አሉ፤ መቼም ደግ ሕዝብ ነው፣ እኔንም ሊቀብረኝ ነበር። ኦርታል የእጥፍ ፍጥነቱን ምልክት ላጥፋልሽ ወይ ስትለኝ "እኔ እተወዋለሁ፣ አንቺ ምንም አታጥፊ" አልኋት። ቲክቶኩን አጠፋሁት፣ በሳምንቱ መለስሁት፣ እንደገና አጠፋሁት። ውሸት ምን ያደርግልኛል? ፔለፎኑ አሁን የሚያድረው ማእድ ቤት፣ የፎጣ መሳቢያ ውስጥ ነው። ጧት አንዴ፣ ማታ አንዴ አየዋለሁ። መጀመሪያ ሰሞን እጄ ይበላኝ ነበር። አሁን ጠዋት ጠዋት እማማ ደስታዬ ዘንድ እሄዳለሁ፤ ምስሬም አያርም። ጆሮዬ አረፈ። ራሴም አረፈ። ይህን ያህል ደክሞኝ እንደነበር አላወቅሁም።

ባለፈው ሐሙስ በሩ ተንኳኳ። ከፈትሁ። ቀጭን፣ ሸሚዙ የሰፋው ሰው ቆሟል።

"የገደልሽኝ ሰውዬ ነኝ" አለ አለነ።

አለቀስሁ፣ ስሜው አልጠገብሁትም። ምስር አቀረብሁ። ሁለተኛውን ሳህን ሲጀምር እሱም ከሩቅ ጀመረ፤ መሰላል ላይ ሆኖ አምፖል ሲሰቅል መጀመሪያ የወጋው ጊዜ፣ የሾፌሩ ስም፣ የሾፌሩ አባት አገር፣ ነርሷ ማንን እንደምትመስል። አንድ ሰዓት ሙሉ አወራ፣ ገና ሆስፒታሉ በር አልደረሰም። ማእድ ቤት መሳቢያው ውስጥ ፔለፎኑ ይርገበገብ ጀመር። ዝም አለ፤ ደግሞ ጀመረ። አንድ ትልቅ ነገር መጥቷል። ውቤ ቀና ብሎ አየኝ። እጄ ከጭኔ ላይ ተነሣ፤ ያው አመሉ ነው፣ ራሱን ችሎ ነው የሚሄድ። ያዝሁትና ከሥሬ አስገብቼ ተቀመጥሁበት።

አለነ መናገሩን አቆመ። "አሰለቸሁሽ መሰለኝ" አለ።

"ከዚያስ?" አልሁት።